የአውቶቡሱ በር ላይ ያልኩት

ይድረስ ለታናሽ ወንድሜ፤

ይህን ደብዳቤ ጮክ ብለህ አታንብበው። የተጻፈ ነገር እጅህ ከገባ ቤት ለሞላው ሁሉ ማንበብ ከልጅነትህ ጀምሮ አመልህ ነው፤ ዛሬ ግን በሩን ዝጋና ለራስህ ብቻ አንብበው። ደብዳቤውን ያመጣልህ ሹፌር ውጭ ቆሟል። ሻይ ስጠውና አስቀምጠው። ቸኩያለሁ ቢልህ አትስማው፤ እንዲጠብቅህ ታዝዟል። ለምን እንደሚጠብቅህ እነግርሃለሁ።

መጀመሪያ ሰላምታ ይቅደም። እንዴት ነህ ወንድምዬ? ደረትህ እንዴት ነው? ብርድ ሲገባ የሚነሳብህ ሳል ለቀቀህ ወይስ አብሮህ አረጀ? እኔ ደህና ነኝ። ጉልበቴ ደረጃ ባየ ቁጥር ያጉረመርማል፤ ጥርሶቼም ከፎቶ በቀር ለሌላ አያገለግሉኝም። ዓይኔ ግን ያያል፣ ጆሮዬ ይሰማል፣ ሸሚዜን ራሴ እተኩሳለሁ፣ ክንዴን ይዞ መንገድ ያሻገረኝ ሰው እስካሁን የለም። ትልቋ ልጅህ ወለደች ሲሉኝ ደስ አለኝ። አንተ ደግሞ አያት! አፍንጫህን የምጠርግልህ እኔ አልነበርኩም እንዴ? የቤትህ ሰዎች ሁሉ ደህና ይሁኑልኝ።

የሚጽፍልኝ ጎረቤቴ ነው፤ ፍርድ ቤት ደጅ ጠረጴዛ ዘርግቶ ማመልከቻ የሚጽፈው። ሰውየው «ጉዳዩ» ብሎ ካልጀመረ እጁ አይታዘዝለትም። ገና አፌን ሳልከፍት «ጉዳዩ፦ ወንድሜ እንዲመጣልኝ ስለመለመን» ብሎ ጽፎ ነበር። አስቀደድኩት። እኔ ማንንም አልለምንም። «ታዲያ ምን ልበለው ጋሼ?» ሲለኝ «እኔ ያልኩህን በል፤ ምላሴን አታሳምርልኝ» አልኩት። ስለዚህ የሚሻክርህ ነገር ካገኘህ የኔው ነው፤ በሱ አትፍረድ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ያ የአውቶቡሱ ፊልም ተገኘ።

አዎ፣ ተቃጠለ ሲባል የኖረው። የፊልም ድርጅቱ አሮጌ መጋዘን ሲፈርስ፣ ከተሰባበሩ ወንበሮች ሥር የቆርቆሮ ሳጥኖቹ ወጡ። ምስሉ ደህና ነው፤ ድምፁ ግን ሻግቶ ጠፍቷል። አንዲት ወጣት ዳይሬክተር አለች፤ ፀጉሯን ተላጭታ እንደ ወታደር የምትራመድ፣ ግን ጨዋ ልጅ። እሷ ፊልሙን አድሳ በትልቁ ሲኒማ ቤት፣ ባለሥልጣኑም ጋዜጠኛውም ባለበት ልታሳየው ነው። ከዚያ ለቴሌቪዥን ትሰጠዋለች። ቤቴ ድረስ መጥታ አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀመጠችና «አባባ፣ ድምፅዎን ራስዎ ይመልሱልናል» አለችኝ።

«ድምፅዎን» ስትል ጉሮሮዬን ጠረግኩ። ግን ምን እላለሁ? አገር ሙሉ የሚያውቀኝ በዚያ ድምፅ ነው። «መቼ ነው የምንጀምረው?» አልኳት።

እዚህ ላይ ጸሐፊው ብዕሩን አቁሞ እያየኝ ነው። አንተ የምታውቀውን ለሱ ስል ልናገር፤ ሳይገባው የሚጽፍ ሰው አልወድም።

ያኔ ፊልም ሲነሳ ድምፅ አብሮ አይቀዳም ነበር። ካሜራው ራሱ እንደ ወፍጮ ነበር የሚጮኸው። ፊልሙ ድምፁን የሚለብሰው ከወራት በኋላ ጨለማ ክፍል ውስጥ ነው፤ ምስሉ ግድግዳው ላይ ይሄዳል፣ ተዋናዩ ማይክ ፊት ተቀምጦ ከወረቀት እያነበበ ቃሉን በራሱ ከንፈር ላይ ይገጥመዋል። ሌሎቹ ፊደል ያውቃሉ። እኔ አላውቅም። አላፍርበትምም። የድርጅቱ የጄኔሬተር መኪና ሹፌር ነበርኩ። ዋናው ተዋናይ የቀረ ቀን ሟቹ ዳይሬክተር፣ እኛ «ቁረጥ» የምንለው፣ መብራት ለመሞከር ብሎ ካሜራ ፊት አቆመኝ፤ በዚያው ቀረሁ። «ይህ ሰውዬ ዓይኑ አይርገበገብም፤ ከየት አመጣችሁት?» ነበር ያለው። በዚህ ዓይን ንጉሥ ሆኛለሁ፣ ዳኛ ሆኛለሁ፣ ሌባ ሆኛለሁ። ተሰቅያለሁ፣ ተሾሜያለሁ። አንድም ቀን ወረቀት አልያዝኩም።

ቃሌን ጠዋት ጠዋት አንተ ነበርክ የምታነብልኝ፤ እኔ እየተላጨሁ፣ አንተ ፖስታ ቤት ሥራህ ከመግባትህ በፊት። ካሜራ ፊት ስቆም ግን ግማሹ በኖ ይጠፋል። «ቁረጥ» ደንታ አልነበረውም። «አፍህን አንቀሳቅስ ብቻ። የፈለግኸውን በል፤ ቃሉን በኋላ እናለብስልሃለን» ይለኝ ነበር። እኔም የመጣልኝን እላለሁ። ማልበሱ ሲመጣ ያለበስከው አንተ ነህ። የአንድ እናት ልጆች ነንና ድምፃችን ይቀራረባል፤ ያንተ ግን ጠለቅ ይላል፣ ሲሰማ ሰውን ወንበሩ ላይ ያስቀምጣል። በጓሮ በር ከጽዳት ሠራተኞቹ ጋር ትገባለህ፣ በጓሮ በር ትወጣለህ። ከሁለታችን፣ ከ«ቁረጥ»ና እሱ ካስማላቸው የድምፅ ሠራተኞች ሌላ የሚያውቅ አልነበረም። የዛሬዋ ባለቤትህም ታውቃለች፤ ያኔ የፊልሙ ተዋናይት፣ ያንተ ደግሞ እጮኛ ነበረች።

ጸሐፊው አሁን ብዕሩን ጭራሹን ጣለው። «ጋሼ! ያ ‹ሂጂ፤ እኔ ምንም አልሆንም› የሚለው ድምፅ የእርስዎ አይደለም?» አለኝ። አይደለም። «አባቴ ሆስፒታል ተኝቶ እናታችንን ወደ ቤት ሲሸኛት በዚያ ድምፅ አስመስሎ ነው የተናገራት። ስቃ ወጣች። ከዚያ በኋላ አላገኘችውም» አለኝና ብዕሩን አነሳ። እንግዲህ አገሩ እንደዚህ ነው። ሠርግ ላይ ይሉታል፣ ልጅ ትምህርት ቤት ሲሄድ ይሉታል። ታክሲ ስሳፈር ረዳቱ «ግቡ አባባ፤ እኔ ምንም አልሆንም!» ብሎ ይቀልድብኛል። እኔም አንገቴን ነቅነቅ አድርጌ አመሰግናለሁ። አንተ ከሄድክ በኋላ ድምፅ አብሮ የሚቀዳ ካሜራ መጣና በራሴ ድምፅ ስናገር ጋዜጣው «ታላቁ ተዋናይ ጉሮሮውን ታመመ» ብሎ ጻፈ። ታምሜያለሁ አልኩ። እስከ ዛሬም አልዳንኩም።

ቃሌን ያኔ በካሴት የምትቀዳልኝ ሟቿ ባለቤቴ ነበረች፤ ነፍሷን ይማርና። ፊልሞቼን ሁሉ የፊት ወንበር ላይ ተቀምጣ አይታለች። የአውቶቡሱን ፊልም ግን አብራኝ አይታው አታውቅም። «አንተ ሂድ፤ እኔ ልብስ አጥባለሁ» ትለኝ ነበር።

ወደ ጉዳዩ ልመለስ። ይኸው፣ «ጉዳዩ» አልኩ፤ ጸሐፊው ሳቀብኝ።

መጀመሪያ ቀን ዳይሬክተሯ ወረቀት ሰጠችኝ። መነጽሬን ረስቻለሁ አልኳት። የራሷን አውልቃ ሰጠችኝ። አያሳየኝም አልኩ። የድምፅ ባለሙያው የሱን አመጣ። የእሱም አያሳየኝም። ሻይ የምታፈላው ሴትዮ ከወጥ ቤት የሷን ይዛ ስትመጣ «ዓይኔን ገበያ አወጣችሁት እንዴ!» ብዬ ጮህኩ። በመጨረሻ ልጅቷ «እኔ ላንብብልዎ፤ ከኔ ኋላ ይበሉ» አለች። ያ ይሻላል። ያዝን።

ግን አልገጠመም። ቃሉ ያልቃል፣ አፌ ይቀጥላል። ወይም አፌ ይዘጋል፣ ቃሉ ይተርፋል። ልጅቷ ወረቀቱን ታያለች፣ ግድግዳው ላይ ያለውን ወጣት ታያለች፣ እኔን ታያለች። «አባባ፣ እዚህ ላይ የሚናገሩት ይህን አይደለም» አለችኝ። እንዴት ይሆናል? አንተ እዚያ ጨለማ ውስጥ ቁጭ ብለህ አፌ ላይ የሚበቃ ቃል ስትፈልግ የጻፈው ሰው የለም። ያለበስከው ሁሉ ከድምፁ ጋር ሻግቶ ቀረ።

ያኔ ነው ልጅቷ አንዲት መምህርት ያመጣችው። መስማት የማይችሉ ልጆች የምታስተምር ሴት ናት፤ እሷም አትሰማም። ከንፈር ታነባለች። ታናሽ እህቷ አጠገቧ ትቆማለች፤ መምህሯ በእጇ የምትናገረውን እህቷ በአፏ ታወጣዋለች። ዳይሬክተሯ ፈነጠዘች። «አባባ፣ ያኔ በእውነት ምን ይሉ እንደነበር እንሰማለን! ከፊልሙ በፊት ትንሽ ፊልም አድርጌ አሳየዋለሁ፤ እያንዳንዱን ቃል ከምስሉ ሥር እጽፈዋለሁ» አለችኝ። እኔም ምን እንደሚመጣ ሳላስብ እሺ ብዬ ጣቴን ቀለም ነክሬ ፈረምኩላት።

መጀመሪያ ሳቅ ነበር። ዳኛው ፊት ቆሜ ስለ ፍትሕ የምናገርበት አለ አይደል፣ ሰው ተነስቶ የሚያጨበጭብበት? መምህሯ ዓይኗን ጠበብ አድርጋ አየችና እጇን አንቀሳቀሰች፤ እህቷም «ይህን ጫማ ያመጣው ማነው? ጠበበኝ። ጣቴ ሊወልቅ ነው» ብላ ተረጎመች። ክፍሉ ፈረሰ። አባቴ መቃብር ላይ የማለቅስበት ትዕይንት ላይ ደግሞ «ጄኔሬተሩን የሚያጠፋ ሰው የለም? ነዳጁ እኮ አለቀ፣ ነገ በኔ ነው የምታሳብቡት» እያልኩ ነው የማነባው። የድምፅ ባለሙያው ወንበር ላይ ተንከባለለ። እኔም ሳቅኩ። እስከዚያ ድረስ ሳቅኩ።

ከዚያ የመስኮቱ ትዕይንት መጣ። እሷ፣ ያኔ እጮኛህ፣ መስኮት ላይ ቆማ፣ እኔ ከሥር ሆኜ የፍቅር ቃል የምነግራት። መምህሯ አላቻኮለችም። አስቁማ መልሳ አየችው። እህቷ «ወንድሜ ምን ነበር ያለው? ወንድሜ ምን በላት ነበር ያለኝ?» አለች።

ማንም አልሳቀም። ዳይሬክተሯ ዞር ብላ «የምን ወንድም ነው አባባ? ፊልሙ ውስጥ ወንድም የለም እኮ» አለችኝ። «ተዋናይ ስንት ነገር ይላል፤ ቀጥይ» አልኳት። አልቀጠለችም። ልጅቷ ሞኝ አይደለችም። መብራቱን አስበርታ «እንግዲያው የአውቶቡሱን በር ለነገ። ሆን ብዬ ነው ለመጨረሻ ያስቀመጥኳት» አለች። ከዚያ ወረቀቱን አንስታ ጠየቀችኝ፦ «አንድ ነገር አልገባኝም። ወረቀቱ ላይ ያለው ‹ሂጂ› ብቻ ነው። ‹እኔ ምንም አልሆንም› የሚለውን፣ አገር የሚያውቀውን፣ ማን ጻፈው?»

ወንድሜ፣ እኔ እስከዚያች ሰዓት ድረስ «ቁረጥ» የጻፈው ይመስለኝ ነበር። እግዜር ያሳይህ፣ አንድም ቀን አልጠረጠርኩም።

ቤቴ ገብቼ ጫማዬን ሳላወልቅ ተቀመጥኩ። «ቁረጥ» በሕይወቱ ሳለ አንድ ጊዜ የነገረኝ ነገር ትዝ አለኝ። ያለበስከው የመጨረሻ ቀን የአውቶቡሱን በር ደግመው ደጋግመው እንዲያሳዩህ ጠየቅህ አሉ። ቃሉ ለአፉ ያጥራል አልካቸው። ከዚያ መቅጃውን ሳታጠፉ ሁላችሁም ሻይ ጠጡና ኑ ብለህ ክፍሉን አስለቀቅህ። ሲመለሱ ቃሉ ገብቶ አገኙት፤ አንተ የጆሮ ማዳመጫውን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጠህ ኮትህን እየለበስክ ነበር። «ወንድምህ ሥራ ያውቃል» አለኝ «ቁረጥ»። ያውቃል አልኩ፤ ኮራሁብህ።

ለምን ከከተማ እንደወጣህ ግን ሁልጊዜ የማምነው ሌላ ነበር። ያ መጠጥ ቤት ትዝ ይልሃል? ፊልሙ በወጣ ሰሞን? አንተ ሞቅ ሲልህ ተነስተህ ያንን ቃል ተናገርክ፤ ከጥግ ያለው ጋራዥ ሠራተኛ «ቁጭ በል አንተ! ታላቁ ሰው እዚህ ተቀምጦ ድምፁን ታበላሽበታለህ? ትንሽም አትመስል!» አለህ። ቤቱ ሁሉ ሳቀ። እኔም ሳቅኩ። አልዋሽህም፣ ዛሬም ሲነሳብኝ ያስቀኛል፤ አንተም በኔ ቦታ ብትሆን ትስቅ ነበር። በዚያው ሰሞን ሩቅ ከተማ ያለ ፖስታ ቤት አዛወሩኝ ብለህ ሚስትህን ይዘህ ሄድክ። በእናታችን ቀብር ላይ ትከሻዬን ነክተህ አለፍክ። ከዚያ ወዲያ የልጆችህን ወሬ ከሰው ነው የምሰማው። እኔም ወንድሜ በአንድ የመጠጥ ቤት ቀልድ ተቀየመ፣ ልቡ ጠባብ ነው እያልኩ ስንት ዘመን ኖርኩ።

ያንን ቀን ላስታውስህ፤ አንተ ቀረጻው ላይ አልነበርክም። የአውቶቡሱን በር ስንነሳ ልትጋቡ ቀን ቆርጣችሁ ነበር። እሷ ውስጥ ገብታ መስታወቱ ኋላ ተቀመጠች። ሞተሩ እየሠራ ነው፤ አሮጌ አውቶቡስ ስለነበር አጠገብህ ያለው ሰው ቢጮህ አትሰማም። ካሜራው ከሷ ኋላ ሆኖ የኔን ፊት ብቻ ነው የሚያየው። «ቁረጥ» ከሩቅ በእጁ «አፍህን አንቀሳቅስ!» ይለኛል። አንቀሳቀስኩ። እሷ ትስማ አትስማ አላውቅም። ተዋናይት ናት፤ ፊቷ የታዘዘውን ያሳያል።

ያልኩትን ለዚህ ጸሐፊ አልነግረውም። ለአንተም መጻፍ አያስፈልግም።

በማግስቱ ከሁሉም ቀድሜ ደረስኩ። ክፍሉ ትንሽ ነው፤ መጋረጃው ተስቧል፣ አየር ማቀዝቀዣው ያንኮራፋል። መምህሯ ፊት ለፊት ተቀመጠች፣ እህቷ ግድግዳውን ተደግፋ ቆመች፣ ዳይሬክተሯ ወረቀትና እስክሪብቶ ይዛ ከኋላ። «ጀምር» አለች። አውቶቡሱ መጣ። በሩ ተከፈተ። እሷ ገባች። ቀጥሎ የኔ ፊት እንደሚመጣ አውቃለሁ፤ ሕይወቴን ሙሉ ከዓይኔ አልጠፋም።

ተነሳሁና ግድግዳው ፊት ሄጄ ቆምኩ። መብራቱ ዓይኔ ውስጥ ገባ፤ አውቶቡሱ ሸሚዜ ላይ ይሄዳል።

«አባባ፣ ይቀመጡ እንጂ፤ ጋረዱን እኮ» አለች ዳይሬክተሯ።

«መጋረዴ ነው» አልኳት።

«ምነው? አመመዎት?»

«አላመመኝም። ጉሮሮዬንም አሞኝ አያውቅም። ያ ድምፅ የኔ አይደለም። የወንድሜ ነው። በዚህ ፊልም ውስጥ ከአፌ የወጣውን ቃል ሁሉ የተናገረው እሱ ነው። ‹እኔ ምንም አልሆንም› ያለውም እሱ ነው። እሱ በሕይወት አለ፤ እሱ ሳይመጣ ይህችን ትዕይንት ማንም አያነባትም።»

ፊልሙን አስቆሙት። የድምፅ ባለሙያው ማዳመጫውን አውልቆ አፉን ከፍቶ ቀረ። ልጅቷ መጥታ ፊት ለፊቴ ቆመች። ትጮህብኛለች ብዬ ነበር፤ ወይ ትስቅብኛለች። እሷ ግን ዝቅ ባለ ድምፅ «ይህን ዘመን ሁሉ?» አለችኝ። «ይህን ዘመን ሁሉ» አልኩ። ሰው ምን ያህል እንደሚከብደኝ ያውቅ ይሆን? ስሜ እኮ ነው ወንድሜ። ያለኝ እሱ ብቻ ነው። አገሩ እኔን ትቶ አንተን ይጠራል፤ ታክሲ ረዳቱም ከእንግዲህ አይቀልድብኝም። እንግዲህ ይሁን። አወጣሁት፣ ልመልሰው አልችልም።

ተስማማን። የዱሮው ድምፅ ራሱ ከመጣ የከንፈር ንባብ ለዚያች ትዕይንት አያስፈልገኝም አለች። አንተ መጥተህ ማይኩ ፊት ተቀምጠህ የዱሮውን ቃል ትላለህ፤ ያ ይለብሳል፤ ስምህም ከስሜ ጎን ይጻፋል። ካልመጣህ ግን ትዕይንቷን ዱዳ አድርጌ ማሳየት አልችልም አለች። አንተን ሊያመጣ የላከችው መኪና ባዶውን ከተመለሰ ሐሙስ ጠዋት መምህሯ ታነባለች፤ ያነበበችውም ከምስሉ ሥር ተጽፎ በየቤቱ ይታያል። ያንተም ቤት ቴሌቪዥን አለ። ልጆችህ ማንበብ ይችላሉ።

በዚህ አበቃ ብዬ ኮሪደሩ ላይ ቁጭ ብዬ ስተነፍስ መምህሯ መጣች፤ እህቷን አስከትላ። አጠገቤ ተቀመጠችና እጇን ማንቀሳቀስ ጀመረች። እህቷ እንዲህ አለችኝ፦ «ይህን ፊልም በልጅነቴ፣ አባቴ ትከሻ ላይ ተቀምጬ አይቸዋለሁ ትልዎታለች። ሰው ሁሉ ሲያለቅስ እኔም አለቀስኩ። ካደግኩ በኋላ ሰዎች ‹እኔ ምንም አልሆንም› እያሉ ሲቀልዱ ከየት እንዳመጡት አይገባኝም ነበር። እርስዎ እንደዚያ ሲሉ አላየሁም። ሁሉም ሰው እኔ ያየሁትን ያየ ነበር የሚመስለኝ ትላለች።»

ወንድሜ፣ ይህን አስበው። አንዲት ሕፃን ልጅ አዳራሹ መካከል ሆና፣ ያንን ሁሉ ዘመን...

«ለማን ነገርሽ?» አልኳት። ለማንም፤ የጠየቃት የለም። «ሐሙስ ከጠየቁኝ ግን ያየሁትን እናገራለሁ፤ ሥራዬ ነው፣ አልዋሽም» አለች። ትክክል ናት፤ እኔም ብሆን እንደዚያው ነኝ። ልትነሳ ስትል ተመልሳ ተቀመጠችና እጇን አንድ ጊዜ ብቻ፣ በቀስታ አንቀሳቀሰች። እህቷ ምን እንደምትተረጉም ሳይገባት «ሳትሄድ ቀረች ወይ?» አለችኝ።

«አውቶቡሱ ሄደ» አልኳት።

ጸሐፊው «ማን ናት የቀረችው?» እያለኝ ነው። አንተ ጻፍ አልኩት።

ከዚያ ወዲህ የማስበው አንድ ነገር ብቻ ነው። ሕፃን ልጅ ከሩቅ በአንድ ጊዜ ያየችውን፣ አንተ ጨለማ ክፍል ውስጥ ተቀምጠህ ፊልሙን ወደ ኋላ እያስመለስክ ስንት ጊዜ አየኸው? ከእናታችን ቀጥሎ አፌን የሚያውቅ ሰው አንተ ነህ። አዲስ ባል ነበርክ። ሌላ ሰው ቢሆን ተነስቶ ይሄዳል፤ ወይም ወረቀቱ ላይ ያለውን «ሂጂ» ብሎ የቀረውን አፌን ባዶ ይተወዋል፤ የገባው ይግባው ይላል። አንተ ሰዎቹን ሻይ እንዲጠጡ ልከህ ቃል ፈለግህለት። ያገኘኸው ቃል ደግሞ «እኔ ምንም አልሆንም» ነው። ያንን ለማን እንዳልከው ልጠይቅህ ፈልጌ ነበር፤ ለእሷ ይሁን፣ ለኔ ይሁን፣ ለራስህ ይሁን። ትቸዋለሁ። አትንገረኝ።

ይቅርታ ትጠብቅ ይሆናል። አንድ ሰው አፍህን አንቀሳቅስ ተባለ፣ አንቀሳቀሰ። ከዚያ በላይ ያደረግኩት የለም፤ ጣቴን አላነሳሁም፣ ቃል አልላክሁም፣ ሠርግህ ላይ ከሁሉም በላይ የጨፈርኩት እኔ ነኝ። ቁጣህን ግን አልነጥቅህም። ላለመምጣት መብትህ ነው። «የራሱ አፍ ነው፣ ራሱ ይቻለው» ብለህ ሹፌሩን ባዶውን ብትመልሰው አልወቅስህም፤ ሐሙስ ሄጄ የፊት ወንበር ላይ እቀመጣለሁ፣ የሚነበበውን እሰማለሁ፣ ዓይኔንም አላርገበግብም።

ብትመጣ ግን ብቻህን ና። መንገዱ አቧራ ነው፤ ለእሷ አይመቻትም። ቤቴም ጠባብ ነው፣ ያለው አንድ አልጋ ነው፤ አንተ አልጋው ላይ፣ እኔ ፍራሹ ላይ እንተኛለን። ምን ልበላት ካልክ፣ አሮጌ ፊልም ድምፅ ላለብስ ጠሩኝ በላት። ውሸት የለበትም።

ና። አልለመንኩህም፤ ና ነው ያልኩህ።

አምላክ ደረትህን ያሽርልህ። የልጅ ልጅህ ጉልበትህ ላይ ይደግ፣ ስምህን በደስታ ይጥራ። ቤትህ ሰላም ይደርበት፤ ከቤትህም ማንም አይጉደል። እናታችን በየሄደችበት የመረቀችን ምርቃት ሁለታችንንም በአንድነት ያግኘን።

የእናትህ ልጅ፣
ታላቅህ